አናውራታ

አናውራታ (1014 – 1077 እ.ኤ.አ.) በዛሬዋ ምያንማር፣ በቀድሞ ስሟ በርማ፣ የፓጋን መንግሥት ንጉሥ ነበረ። ከ1044 እስከ 1077 ለ33 ዓመታት ነገሠ። በኢራዋዲ ወንዝ ዳር የነበረችውን ትንሽ ግዛት አስፍቶ የላይኛውንና የታችኛውን በርማ ሕዝቦች በአንድ ዙፋን ሥር እንዳደረገ ስለሚነገርለት፣ በርማዎች የአገራቸው መሥራች አድርገው ይቆጥሩታል። የቴራቫዳ ቡዲስም በአገሪቱ ሥር የሰደደውም በእርሱ ዘመን እንደሆነ በልማድ ይታመናል።

ስለ አናውራታ የሚነገረው አብዛኛው ታሪክ ግን የተጻፈው ከሞተ ከብዙ መቶ ዓመታት በኋላ ነው። ከራሱ ዘመን ቀርተው ስሙን የያዙ ነገሮች ጥቂት ናቸው፤ ዋናዎቹም ትንንሽ የሸክላ ሰሌዳዎች ናቸው። ስለዚህ የንጉሡ ሕይወት ሲጻፍ ዜና መዋዕሎች የሚተርኩትንና ከዘመኑ የቀረው ማስረጃ የሚያሳየውን ለይቶ ማየት ያስፈልጋል። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው።

ስሙና የታሪኩ ምንጮች

አናውራታ የሚለው ስም አኒሩድሃ ከሚለው የሳንስክሪት ስም የመጣ ነው። ከመንገሡ በፊት ሚን ሶ ይባል እንደነበር ዜና መዋዕሎች ይናገራሉ።

የሸክላ ሰሌዳዎቹ የቡድሃ ምስል የታተመባቸው ሲሆኑ ለጽድቅ ሥራ ተብለው የሚዘጋጁ ነበሩ። በአንዳንዶቹ ላይ ንጉሥ አኒሩድሃ በገዛ እጁ እንደሠራቸው የሚገልጽ ጽሑፍ በሳንስክሪት ወይም በፓሊ ቋንቋ ሰፍሯል። በሰሜን ከካታ አካባቢ አንሥቶ በደቡብ በወንዙ ደለል አገር እስካለችው ትዋንቴ ድረስ ተገኝተዋል። የሸክላ ሰሌዳ ከቦታ ወደ ቦታ ሊወሰድ ስለሚችል በተገኘበት ሁሉ ንጉሡ ይገዛ ነበር ማለት አይደለም። ቢሆንም የንጉሡ ስም እስከ የት እንደታወቀ፣ ንጉሡም ለቡዲስም ምን ያህል ያደረ እንደነበር ያሳያል።

ከአገር ውጭ ያለው ምስክር የስሪላንካ ዜና መዋዕል ቹላቫምሳ ነው። ይህ መጽሐፍ አኑሩድሃ የሚባል ንጉሥ የስሪላንካው ንጉሥ ቀዳማዊ ቪጃያባሁ ወዳጅ እንደነበረ ይጠቅሳል።

የበርማ ዜና መዋዕሎች በበርማኛ ያዛዊን ይባላሉ፤ ትርጉሙም የነገሥታት ታሪክ ማለት ነው። ከዋናዎቹ መካከል የነገሥታትን የልደትና የዘመነ መንግሥት ዝርዝር የያዘው ዛታዶቦን ያዛዊን፣ በ18ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ኡ ካላ የጻፈው ማሃ ያዛዊን እና በ1832 የተጠናቀቀው ህማናን ያዛዊን ይገኛሉ። እነዚህ መጻሕፍት አናውራታ የተወለደበትንና የነገሠበትን ዓመት በተለያየ መንገድ ያስቀምጣሉ። የዛሬ ሊቃውንት ከድንጋይ ጽሕፈቶች ጋር የሚስማማው የዛታዶቦን ያዛዊን ቁጥር ስለሆነ አብዛኛውን ጊዜ እርሱን ይከተላሉ።

ትውልድና ልጅነት

የአናውራታ ቤተሰብ ታሪክ በአፈ ታሪክ የተሞላ ነው። በዜና መዋዕሉ መሠረት ከአባቱ በፊት በፓጋን የነገሠው ኛውንግኡ ሶራሃን ገበሬ ነበር። ከእርሱ በፊት የነበረው ንጉሥ ቴይንኮ አደን ወጥቶ ከሰዎቹ ተለየና ራበው፤ ከአንድ እርሻ ገብቶ ሳያስፈቅድ ዱባ መሰል የሆነውን ኪያር ቀጥፎ በላ። ባለ እርሻው ንጉሥ መሆኑን ሳያውቅ መትቶ ገደለው። ንግሥቲቱ አገሩ እንዳይታወክ ብላ ገበሬውን በስውር ወደ ቤተ መንግሥት አስገብታ አነገሠችው። ከዚህ ጋር በጣም የሚመሳሰል ታሪክ በካምቦዲያም ስለሚነገር፣ ተመራማሪዎች ታሪኩን በአካባቢው ከአገር ወደ አገር የዞረ ተረት አድርገው ያዩታል።

የአናውራታ አባት ኩንሶ ቻውንግፕዩ ገበሬውን ንጉሥ አስወግዶ በ1001 ዙፋኑን ያዘ፤ ሦስቱን ንግሥቶችም አገባ። ከነርሱ ሁለቱ ከቀድሞው ንጉሥ አርግዘው ስለነበር ቺሶና ሶካቴ የሚባሉ ወንዶች ልጆች ወለዱ። ሦስተኛዋ ንግሥት ምያውክ ፕዪንቴ ደግሞ ከኩንሶ አናውራታን ወለደች።

ቺሶና ሶካቴ ካደጉ በኋላ የአባታቸውን ዙፋን ለመመለስ ተነሡ። በ1021 ያማረ ገዳም ሠርተው ንጉሡን ለምረቃው ጋበዙት፤ እዚያ እንደደረሰም በግድ አመነኮሱት። አናውራታ በዚያን ጊዜ የሰባት ዓመት ገደማ ልጅ ነበረ። ከዚያ በኋላ ቺሶ እስከ 1038 ነገሠ፤ አደን ላይ ሳለም ሞተ። ወንድሙ ሶካቴ ተተካ።

ወደ ዙፋን መምጣት

ሶካቴ የአናውራታን እናት ንግሥቱ ስላደረጋት በሁለቱ መካከል ጠብ ተነሣ። አናውራታ ወደ ፖፓ ተራራ ሄዶ ተከታዮች ሰበሰበና በ1044 ሶካቴን ለአንድ ለአንድ ውጊያ ጠራው። ሁለቱ በፓጋን አቅራቢያ በምዪንካባ በፈረስ ላይ ሆነው ተዋጉ፤ ሶካቴም በጦር ተወግቶ ሞተ። አፈ ታሪኩ ጦሩን ለአናውራታ የሰጠው የአማልክት ንጉሥ ታጃሚን (ኢንድራ) ነው ይላል።

አናውራታ ዙፋኑን ለመነኩሴው አባቱ ቢያቀርብለትም አባቱ በምንኩስናው ለመቆየት መረጠ። ልጁ የነገሠው ከዚህ በኋላ ነው።

ዜና መዋዕሉ ከድሉ ቀጥሎ የንጉሡን ጸጸት ይተርካል። አናውራታ ወንድም የሚሆነውን ሰው በመግደሉ ለወራት እንቅልፍ አጣ። ታጃሚን በሕልም ተገልጦ ኃጢአቱ እንዲቀልለት ፓጎዳዎችን፣ ገዳማትንና የመንገደኛ ማረፊያዎችን እንዲሠራ፣ ጉድጓድ፣ ኩሬና ቦይ እንዲያስቆፍር መከረው። በዚህ መንገድ ዜና መዋዕሉ የንጉሡን ግንባታዎች ሁሉ ከአንድ ግድያ ጋር ያያይዛቸዋል።

መስኖና ሠራዊት

ፓጋን ያለችው ዝናብ በማይበዛበት የበርማ መካከለኛ ክፍል ነው። ከከተማይቱ ዙሪያ ያለው መሬት ትልቅ ሠራዊትና ብዙ ሠራተኛ ሊመግብ አይችልም ነበር። የአናውራታ መንግሥት የኢኮኖሚ መሠረት የሆነው በስተሰሜን ምሥራቅ ያለው የቻውክሴ ሜዳ ነው። ከሻን ደጋማ አገር የሚወርዱት የዞጂና የፓንላውንግ ወንዞች በዚህ ሜዳ ያልፋሉ። ንጉሡ በወንዞቹ ላይ ግድቦች አሠርቶ ውሃውን በቦዮች ወደ ሩዝ እርሻዎች እንዳስገባ፣ የሜይክቲላን ሐይቅም እንዳሳደሰ ይነገራል። ከግድቦቹ አንዳንዶቹ ከእርሱ በፊት የነበሩ ሳይሆኑ አይቀሩም። የሆነ ሆኖ ቻውክሴ ለፓጋን ነገሥታት የእህል ጎተራ ሆነ፤ ከእርሱ በኋላ የመጡትም ሲያድሱትና ሲያስፋፉት ኖረዋል።

የሩዝ ምርቱ ሲጨምር ብዙ ሰው ማስፈርና ወታደር ማቆም ተቻለ። ዜና መዋዕሎች ንጉሡ በምሥራቅ በኩል፣ በሻን ተራሮች ግርጌ 43 የጦር ሰፈሮች እንዳቋቋመ ይዘረዝራሉ። ብዙዎቹ እስከ ዛሬ መንደር ሆነው ይገኛሉ።

በአፈ ታሪክ አራት ጀግኖች ያገለግሉት ነበር። ቻንሲታ ከሁሉ የታወቀው ነው። ኛውንግኡ ፒ ሰፊውን ኢራዋዲን በዋና የሚሻገር፣ ንጋ ትዌ ዩ በቀን ብዙ የዘንባባ ዛፎች የሚወጣ፣ ንጋ ሎን ሌትፔ ደግሞ በእርሻ ጉልበቱ የተደነቀ ገበሬ ነበሩ። ከቻንሲታ በቀር የሦስቱ ዝና ከተራ ሰው የዕለት ሥራ የተወሰደ ነው።

ሺን አራሃንና የሃይማኖት ለውጥ

በ1056 ገደማ ሺን አራሃን የሚባል መነኩሴ ከደቡቡ የሞን ከተማ ከታቶን ወደ ፓጋን እንደመጣ ይነገራል። በጫካ ሲኖር አንድ አዳኝ አግኝቶ ወደ ንጉሡ አመጣው። መነኩሴው ወደ አዳራሹ ገብቶ ከሁሉ በላይ በሆነው ወንበር፣ በዙፋኑ ላይ ተቀመጠ። ንጉሡ በዚህ አልተቆጣም፤ ይልቁንም ሰውየው ከፍ ያለ ነገር የያዘ መሆኑን ተረድቶ ትምህርቱን ተቀበለ። ሺን አራሃን ከዚያ በኋላ የመንግሥቱ የሃይማኖት አለቃ ሆኖ ከአናውራታ በኋላ ለመጡት ነገሥታትም አገልግሏል።

ዜና መዋዕሉ ከዚያ በፊት በፓጋን አሪ የሚባሉ መነኮሳት ኃይል እንደነበራቸው ይናገራል፤ መጠጥ እንደሚጠጡና ሙሽሮችን ከሠርግ በፊት ወደ እነርሱ እንደሚያስመጡ ይከሳቸዋል። ይህ ክስ የጠላቶቻቸው ቃል ስለሆነ በጥንቃቄ መታየት አለበት። ለውጡም በአንድ ቀን የተፈጸመ አይመስልም። ከ11ኛውና ከ12ኛው ክፍለ ዘመን በቀሩት የፓጋን ሥራዎች ላይ የማሃያና ቡዲስም ምስሎች ይታያሉ፤ የሂንዱ አማልክት መቅደስም በከተማይቱ ውስጥ እስከ ዛሬ አለ።

የታቶን ዘመቻ

በአናውራታ ታሪክ ውስጥ እጅግ የታወቀውም፣ እጅግ አከራካሪውም የታቶን ዘመቻ ነው። እንደ ዜና መዋዕሉ ሺን አራሃን እምነቱ ያለ ቅዱሳት መጻሕፍት ሊቆም እንደማይችል ለንጉሡ ነገረው። ሦስት ክፍል ያለው የቡዲስም መጽሐፍ ትሪፒታካ በታቶን በ30 ቅጂ ይገኝ ነበር። አናውራታ ከቅጂዎቹ እንዲሰጠው መልእክተኛ ላከ፤ የታቶን ንጉሥ ማኑሃ ግን በንቀት ቃል መለሰለት። ከዚህ የተነሣ አናውራታ ዘመተ፤ ከተማይቱም ከበባ በኋላ በ1057 እጅ ሰጠች። መጻሕፍቱ በ32 ነጭ ዝሆኖች ተጭነው ወደ ፓጋን መጡ። ከነርሱም ጋር መነኮሳት፣ አናጢዎች፣ ቀራጮች፣ ሠዓሊዎችና ሌሎች ባለሙያዎች፣ በጠቅላላው 30,000 ሰው ተወሰደ።

ማኑሃ በምርኮ በፓጋን ኖረ። ሲናገር ከአፉ ብርሃን ይወጣ ስለነበር አናውራታ ፈራው፤ ለፓጎዳ ከቀረበው መባ እንዲበላ አድርጎም ያንን ኃይል አሳጣው ይባላል። ማኑሃ አሠራው የሚባለው ቤተ መቅደስ ዛሬም ቆሟል። በውስጡ ያሉት ግዙፍ የቡድሃ ሐውልቶች ከግድግዳውና ከጣሪያው ጋር ተጣብቀው በጠባብ ቦታ ተቀምጠዋል። ሕዝቡ ይህን የምርኮኛው ንጉሥ የጭንቀት ምልክት ነው ይላል።

በ20ኛው ክፍለ ዘመን ጎርደን ሉስን የመሰሉ ሊቃውንት ይህን ታሪክ በመሠረቱ ተቀብለው፣ የበርማዎች ፊደል፣ ሥነ ሕንፃና እምነት ከሞኖች የመጣ እንደሆነ አስተማሩ። ለዚህ ድጋፍ የሚሆን ነገርም አለ። በቻንሲታ ዘመን በፓጋን ብዙ የሞን ቋንቋ ጽሕፈቶች ተቀርጸዋል። በ1113 ገደማ የቆመው የምያዜዲ ድንጋይም በአራት ቋንቋዎች፣ ማለትም በፓሊ፣ በፕዩ፣ በሞንና በበርማኛ ተጽፏል።

በ2005 ማይክል አውንግ ትዊን የተባለው የታሪክ ምሁር ይህን አመለካከት የሚቃወም መጽሐፍ አወጣ። እንደ እርሱ አስተያየት አናውራታ ታቶንን መያዙን የሚናገር የዘመኑ ጽሕፈት የለም። ታሪኩ በግልጽ የሚታየው በ15ኛው ክፍለ ዘመን መገባደጃ፣ የፔጉ ንጉሥ ዳማዜዲ ባስቀረጸው የካልያኒ ጽሕፈት ላይ ነው፤ ይህም ከተባለው ዘመቻ ከ400 ዓመታት በላይ ቆይቶ ነው። ዳማዜዲ በግዛቱ የነበረውን የምንኩስና ሥርዓት በስሪላንካ ሥርዓት ያደሰ ንጉሥ ስለነበር፣ ጥንታዊ የእምነት ታሪክ መጻፍ ይጠቅመው ነበር። አውንግ ትዊን የበርማኛ ፊደልም ከታቶን ምርኮኞች ጋር የመጣ እንዳልሆነ ይከራከራል።

ሌሎች ሊቃውንት ደግሞ ይህን መከራከሪያ ከመጠን ያለፈ ሆኖ አግኝተውታል። ማኩታ የሚባል ንጉሥ ስም በታችኛው በርማ በተገኙ የሞን ጽሕፈቶች ላይ ስለሚታይ፣ ማኑሃ እርሱ ሊሆን ይችላል ይላሉ። የአናውራታ ሸክላዎች በደቡብ መገኘታቸውንም ያስታውሳሉ። ክርክሩ የጥንት ነገር ብቻ አይደለም። ዘመቻው እንደተተረከው ከሆነ ሞኖች የበርማዎች አስተማሪ፣ በኋላም ምርኮኞቻቸው ሆነው ይታያሉ። ካልሆነ ደግሞ ሞኖች ስለ ራሳቸው ጥንታዊ መንግሥት የሚናገሩት ታሪክ ይነካል። ስለዚህ የታቶን ጉዳይ እስከ ዛሬ በሁለቱም ሕዝቦች ዘንድ ስሜት ይቀሰቅሳል።

ሌሎች ዘመቻዎችና ግንኙነቶች

አናውራታ በስተምዕራብ ወደ ሰሜን አራካን፣ በስተሰሜን ምሥራቅ ደግሞ በዛሬዋ ዩናን ወደነበረው የዳሊ መንግሥት እንደዘመተ ይተረካል። ወደ ዳሊ የሄደው የቡድሃን ጥርስ ለማምጣት ነበር። ጥርሱን ባያገኝም የጄድ ድንጋይ የቡድሃ ምስል ይዞ ተመለሰ። በመንገዱ የሻን መሳፍንት ታማኝነታቸውን ገለጹለት፤ ከመሳፍንቱ የአንዱን ልጅ ሶ ሞን ላንም አገባ። በጉትቻዋ ውስጥ ያለው የቡድሃ ቅዱስ ቅሪት ብርሃን ይሰጥ ስለነበር ሌሎቹ የንጉሡ ሚስቶች ጠንቋይ ናት ብለው ከሰሷት፤ ንጉሡም ወደ አገሯ መለሳት። በመንገዷ ላይ አሠራችው የሚባለው የሽዌሳርያን ፓጎዳ በማንዳላይ አቅራቢያ ይገኛል።

ከስሪላንካ ጋር የነበረው ግንኙነት ግን ከበርማ ውጭም ተመዝግቧል። ቪጃያባሁ ከደቡብ ሕንድ የመጡትን ቾላዎች ከደሴቱ ካባረረ በኋላ ሥርዓቱን ጠብቆ ሊያመነኩስ የሚችል በቂ መነኩሴ አላገኘም። ስለዚህ ወደ ወዳጁ አኑሩድሃ አገር ልኮ መነኮሳትን አስመጣ፤ የምንኩስና ሥርዓቱም በነርሱ ታደሰ። በበርማ ትውፊት መሠረት አናውራታ በምላሹ የቡድሃን ጥርስ አምሳያ ተቀብሏል። መርከቧ ስትደርስ ንጉሡ ራሱ ወደ ወንዙ ገብቶ እንደተቀበለው፣ ቦታውም ዛሬ የሎካናንዳ ፓጎዳ ያለበት እንደሆነ ይነገራል። ጥርሱን የተሸከመው ነጭ ዝሆን በተንበረከከበት ቦታ ደግሞ የሽዌዚጎን ፓጎዳ ተጀመረ። ይህን ፓጎዳ የፈጸመው ቻንሲታ ነው።

ናቶች

በርማዎች ከቡዲስም ጋር ናት የሚባሉ መናፍስትን ያከብራሉ። አብዛኞቹ ናቶች በድንገተኛ ወይም በግፍ ሞት የሞቱ ሰዎች ናቸው ተብሎ ይታመናል። አናውራታ ይህን አምልኮ ለማጥፋት ሞክሮ እንዳልቻለ ሲያይ፣ ለ36ቱ ናቶች ታጃሚንን አለቃ አድርጎ ቁጥሩን 37 አደረሰው፤ ምስሎቻቸውንም በሽዌዚጎን ቅጥር ውስጥ አስቀመጠ ይባላል። ሕዝቡ ለናቶቹ ሲል ቢመጣም ቡድሃን ሳይሰግድለት እንዳይመለስ ያሰበ ዘዴ ነበር።

ከ37ቱ ሁለቱ የታውንግብዮን ወንድማማቾች ራሱ አናውራታ ያስገደላቸው ናቸው። አባታቸው ቢያታ ከፖፓ ተራራ ለንጉሡ በየቀኑ አበባ የሚያመጣ ሯጭ ነበር። በተራራው ላይ አበባ ብቻ ከምትመገብ ሴት ጋር ፍቅር ይዞት አበባውን ስላዘገየ ተገደለ። ልጆቹ አድገው ንጉሡን አገለገሉ። በታውንግብዮን ፓጎዳ ሲሠራ እያንዳንዱ ሰው ጡብ እንዲያኖር ታዝዞ እነርሱ ስላላኖሩ በሞት ተቀጡ። ባዶ የቀሩት የጡብ ቦታዎች በፓጎዳው ግድግዳ ላይ ዛሬም ለጎብኚ ይታያሉ። በየዓመቱ ነሐሴ ወር አካባቢ በስማቸው የሚደረገው ክብረ በዓል በአገሪቱ ካሉት የናት በዓላት ከታላላቆቹ አንዱ ነው።

ቻንሲታና የንጉሡ ሞት

የቻንሲታ ታሪክ የአናውራታን አስፈሪ ገጽ ያሳያል። ከአናውራታ በኋላ የሚነግሥ ልጅ እንደተፀነሰ ጠንቋዮች በነገሩት ጊዜ ንጉሡ በመጀመሪያ እርጉዞችን፣ በኋላም ሕፃናትን አስገደለ፤ አንድ ልጅ ግን ተረፈ። ቻንሲታ የሚለውን ስም ሕዝቡ የተረፈው ወታደር ብሎ የሚተረጉመው ከዚህ በመነሣት ነው። ቻንሲታ የንጉሡ የጦር አለቃ ከሆነ በኋላ ከፔጉ ለንጉሡ የተላከችውን ልዕልት ኪን ኡን አጅቦ ሲያመጣ ፍቅር ያዛቸው። ንጉሡ አስሮ በጦር ሊወጋው ቢወረውር ጦሩ ገመዱን ብቻ በጠሰው፤ ቻንሲታም አምልጦ በስደት ኖረ።

አናውራታ በ1077 ሞተ። እንደ ዜና መዋዕሉ ከከተማይቱ ውጭ ሳለ በጎሽ ተወጋ። ጎሹ በቀድሞ ሕይወት የንጉሡ ጠላት የነበረ መንፈስ ነው ይባላል፤ አስከሬኑም ሳይገኝ ቀረ። ልጁ ሶሉ በዙፋኑ ተተካ፤ በ1084 ገደማ በዓመፅ ከተገደለ በኋላም ከስደት የተመለሰው ቻንሲታ ነገሠ።

ታሪኩ እንዴት እንደተጻፈ

የበርማ ንጉሥ ቦዶፓያ በ18ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ የድንጋይ ጽሕፈቶች በየቦታው እየተሰበሰቡ እንዲገለበጡ አዘዘ። ከነዚህ ጽሕፈቶች በመነሣት የተጻፈው ያዛዊን ቲት ወይም አዲሱ ዜና መዋዕል የቀድሞዎቹን መጻሕፍት ዓመታት ያረመ የመጀመሪያው የአገሪቱ የታሪክ ሥራ ነው።

ይሁን እንጂ በሕዝብ ዘንድ የበለጠ የታወቀው ህማናን ያዛዊን ነው። በርማ ከብሪታንያ ጋር ካደረገችው የመጀመሪያ ጦርነት (1824–1826) ተሸንፋ አራካንንና ቴናሰሪምን ካጣች በኋላ፣ ንጉሥ ባጂዶ በ1829 የሊቃውንት ጉባኤ ሰበሰበ። ጉባኤው የተቀመጠው በመስተዋት ባጌጠ የቤተ መንግሥት አዳራሽ ስለነበረ መጽሐፉ በዚያ ተሰየመ። ጉባኤው የበርማ ነገሥታትን የዘር ሐረግ ከቡድሃ ወገን ከሻክያዎች አስጀመረ። የዚህ መጽሐፍ የጥንቱ ክፍል በ1923 በፔ ማውንግ ቲንና በጎርደን ሉስ ወደ እንግሊዝኛ ተተርጉሞ ስለታተመ፣ የውጭ አንባቢ አናውራታን ያወቀው በአብዛኛው በዚህ በኩል ነው። ለተሸነፈ ቤተ መንግሥት አገር ያቀና፣ ደቡቡን የያዘ፣ ሃይማኖት ያጸና ንጉሥ ታሪክ ትልቅ ትርጉም ነበረው።

መታሰቢያ

አናውራታ የጀመረው የፓጎዳ ግንባታ እስከ 13ኛው ክፍለ ዘመን ቀጥሏል። በዛሬዋ ባጋን ከ2,000 በላይ የሆኑ ቤተ መቅደሶችና ፓጎዳዎች ይታያሉ፤ ስፍራው በ2019 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ ገብቷል። በያንጎን መካከል የሚያልፍ ዋና መንገድ በንጉሡ ስም ይጠራል። በዋና ከተማይቱ በኔፒዶ ባለው የጦር ሠራዊት ሰልፍ ሜዳ ደግሞ የአናውራታ፣ የባዪናውንግና የአላውንግፓያ ግዙፍ ሐውልቶች ጎን ለጎን ቆመዋል። ከሐውልቱ በጣም የሚያንሱት፣ ስሙ የተጻፈባቸው የሸክላ ሰሌዳዎች ግን ከራሱ ዘመን የደረሱን ዋና ምስክሮች ናቸው።